ቤልሞንት፦ ሦስት ሥራ፣ አንድ ጋጣ

በእኛ አገር ጌታው በፈረሱ ይጠራል። ቴዎድሮስ አባ ታጠቅ፣ ምኒልክ አባ ዳኘው፣ ባልቻ አባ ነፍሶ። ፈረሱ ከሞተ በኋላ እንኳ ስሙ ከሰውየው ጋር ይቀራል። ኒውዮርክ ላይ ግን ነገሩ ተገልብጦ ይገኛል። እዚያ ፈረሶች በሰው ስም በተሰየመ ውድድር ይሮጣሉ። ውድድሩ ቤልሞንት ስቴክስ ይባላል። የተጀመረው በጁን 1867 ነው፤ አፄ ቴዎድሮስ መቅደላ ላይ ከመሞታቸው አንድ ዓመት ሳይሞላ በፊት። እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ስሙ የተሰጠለት ሰው አውገስት ቤልሞንት ነው። የባንክ ሰው ነበር። ፖለቲከኛ ነበር። ቶሮብሬድ የሚባለው የእሽቅድምድም ፈረስ አርቢና ባለጋጣም ነበር። ብዙ ሰው የሚያስታውሰው በሀብቱ ወይም በውድድሩ ስም ብቻ ነው። እኔን የሚስበኝ ግን ሌላ ነገር ነው። ይህ ሰው በገንዘብ ሥራ ማንም የማይቀድመው ፈጣን ሰው ነበር። የወደደው ሥራ ደግሞ ፈጽሞ የማይቸኮልበት ሥራ ሆነ። ፈረስ ማርባት ሌላ ሰው ለሚያጭደው ማሳ ዘር መዝራት ነው። የቤልሞንት ሕይወት ይህን ከማንም በተሻለ ያሳያል ብዬ አምናለሁ።

ከመጀመሪያው እንጀምር። ቤልሞንት በ1813 ጀርመን ውስጥ አልዛይ በምትባል ትንሽ ከተማ ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለደ። እናቱን ያጣው ገና በልጅነቱ ነው። በ1828፣ በ15 ዓመቱ አካባቢ፣ ፍራንክፈርት በሚገኘው የሮትሽልድ ባንክ ሥራ ለመልመድ ገባ። ሥራው ተላላኪነትና ቢሮ መጥረግ ነበር። ነገር ግን ቋንቋ ይይዛል፣ ሒሳብ ይገባዋል። በጥቂት ዓመታት ውስጥ የባንኩ ባለቤቶች ምስጢራቸውን የሚያምኑት ጸሐፊ ሆነ።

በ1837 ወደ ኩባ ላኩት። ሃቫና ያለውን ጥቅማቸውን አይቶ እንዲመለስ ነበር። መርከቡ በመንገዱ ላይ ኒውዮርክ ቆመ። ወሩ ሜይ ነው። ከተማዋ ድብልቅልቋ ወጥቷል። የአሜሪካ ባንኮች በወረቀት ገንዘብ ፋንታ ወርቅና ብር መስጠት ካቆሙ ገና ቀናት መቆጠራቸው ነበር። የሮትሽልድ ወኪል ሆኖ የሚሠራው የኒውዮርክ ድርጅትም ከሁለት ወር በፊት ከስሯል። ልጁ 23 ዓመቱ ነው። አለቆቹ ውቅያኖስ ማዶ ናቸው። ደብዳቤ ጽፎ መልስ እስኪመጣ ሳምንታት ያልፋሉ። ስለዚህ አልጠየቀም። ሃቫናን ተወና ዎል ስትሪት ላይ አውገስት ቤልሞንት እና ኩባንያ የሚል ቤት ከፈተ።

በራሱ ኪስ የረባ ገንዘብ አልነበረውም። የነበረው የሮትሽልድ ስም ነው። ሁሉም ሰው ጥሬ ገንዘብ ባጣበት ጊዜ፣ ከኋላው እንዲህ ያለ ስም ያለው ሰው በዱቤ መግዛት ይችላል። አክሲዮን፣ ሸቀጥ፣ የዕዳ ሰነድ በወረደ ዋጋ ሰበሰበ። ዋጋው ሲያንሰራራ ሀብታም ሆነ። ፍራንክፈርት ያሉት አለቆቹ ያለፈቃድ መቅረቱን አልወደዱለትም፤ ሆኖም አላባረሩትም። ትርፉ እየመጣ ነበርና።

እዚህ ላይ የሰውየው ጠባይ ይታያል። ዕድል ሲያይ አያመነታም። ቁጣውም እንደዚያው ነበር። በ1841 በሴት ምክንያት ከአንድ ሰው ጋር ተጣልቶ ሜሪላንድ ውስጥ በሽጉጥ ተጋጠመ። ጥይት ጭኑን መታው። ከዚያ በኋላ ዕድሜውን ሙሉ እያነከሰ ኖረ።

በ1849 ካሮላይን ፔሪን አገባ። አባቷ ኮሞዶር ማቲው ፔሪ ነው፤ ኋላ ላይ የጃፓንን ወደብ በመርከቦቹ ያስከፈተው የባሕር ኃይል መኮንን። ጋብቻው ትልቅ በር ነበር። ይሁንና የኒውዮርክ የድሮ ቤተሰቦች ሰውየውን እንደ መጤ ማየታቸውን አልተዉም። የአነጋገሩ ቅላጼ ጀርመን ነው። ትውልዱ አይሁድ ነው። ገንዘቡ አዲስ ነው። አገሩን ጥሎ በሰው አገር ቤት የሠራ ሰው ይህ ስሜት ይገባዋል። ግብዣው ላይ ትጠራለህ፤ ግን እንግዳ መሆንህን ማንም አይረሳልህም።

ፖለቲካውን በአጭሩ ልለፈው፤ ታሪኩ በአብዛኛው የሽንፈት ታሪክ ነውና። ዜግነት አግኝቶ ዴሞክራቲክ ፓርቲን ተቀላቀለ። ለጥቂት ዓመታት የኦስትሪያ ቆንስል ጄኔራል ሆኖ ኒውዮርክ ላይ ሠራ። በ1852 ፍራንክሊን ፒርስ ፕሬዚዳንት እንዲሆን ገንዘብ አፈሰሰ። በውለታው ከ1853 እስከ 1857 በኔዘርላንድስ የአሜሪካ ልዑክ ሆኖ ተሾመ። በ1860 ደግሞ የፓርቲው ብሔራዊ ኮሚቴ ሊቀመንበር ሆነና እስከ 1872 ቆየ።

በእነዚህ 12 ዓመታት ሦስት የፕሬዚዳንት ምርጫ ተካሄደ። በ1860 የፓርቲው ዕጩ ዳግላስ ተሸነፈ። በ1864 ማክሌላን ተሸነፈ። በ1868 ሲሞር ተሸነፈ። ገንዘቡን የሚያወጣው እሱ፣ ወቀሳውን የሚቀበለውም እሱ ሆነ። እጁ አመድ አፋሽ ነበር። ተቃዋሚዎቹ የውጭ ባንክ ወኪል እያሉ ይሰድቡታል። ስድቡ ውስጥ ለአይሁድ ያለው ጥላቻ ግልጽ ነበር።

ግን ደግሞ ሰውየውን ማቆንጀት አልፈልግም። በዘመኑ ትልቁ ጥያቄ ባርነት ነበር። ቤልሞንት በዚህ ጥያቄ ላይ በትክክለኛው ወገን አልቆመም። ባርነት የሚፈቀድባቸውን የደቡብ ግዛቶች ላለማስቀየም ድርድር ይፈልግ ነበር። የደገፈው ዳግላስ በአዳዲሶቹ ግዛቶች ባርነት ይፈቀድ ወይስ ይከልከል የሚለውን ሰፋሪዎቹ ይወስኑ የሚል ሰው ነበር። ባሪያ የሆኑት ሰዎች ምን ይላሉ ብሎ የጠየቀ አልነበረም። የሰሜንና የደቡብ የእርስ በርስ ጦርነት ሲነሳ ቤልሞንት ከአንድነቱ፣ ማለትም ከሰሜኑ፣ ጎን ቆመ። በኒውዮርክ የጀርመን ስደተኞች ክፍለ ጦር እንዲቋቋም ረዳ። የአውሮፓ ባንኮች ለደቡቡ እንዳያበድሩ በደብዳቤም በአካልም ወተወተ። ይህ ሥራው ቀላል አልነበረም። የባርነቱ ጉዳይ ላይ ያለው ዕዳ ግን በዚህ አይሰረዝም።

«ፈረስ ያደርሳል እንጂ አይዋጋም» ይባላል። የቤልሞንት ገንዘብም ለፓርቲው እንደዚያ ነበር። እስከ ሜዳው አደረሰ። ምርጫውን ግን ማሸነፍ አልቻለም።

አሁን ወደ ጋጣው እንግባ።

ከጦርነቱ በፊት የአሜሪካ ፈረስ እሽቅድምድም ዋና ቤት ደቡቡ ነበር። ጦርነቱ ጋጣዎቹን አራቆተ። ፈረስ ለጦር ተወሰደ፣ ተሰረቀ፣ ሞተ። ሰሜኑ ደግሞ ገንዘብ ነበረው፤ የጎደለው ደንብና ክብር ያለው ሜዳ ነው። በ1866 ሊዮናርድ ጀሮም የተባለ ባለሀብት ዛሬ ብሮንክስ በምንለው ቦታ ጀሮም ፓርክን ከፈተ። ጀሮም የዊንስተን ቸርችል አያት ነው። ሜዳውን የሚያስተዳድረው የአሜሪካ ጆኪ ክለብ ሲሆን ፕሬዚዳንቱ ቤልሞንት ሆነ። በሚቀጥለው ዓመት በስሙ የተሰየመው ውድድር ተጀመረ። ለሦስት ዓመት ፈረሶች ብቻ ነው። የመጀመሪያው ርቀት 2,600 ሜትር ግድም ነበር። ያሸነፈችው ሩትለስ የምትባል ሴት ፈረስ ናት፤ ሽልማቷ 1,850 ዶላር። የቤልሞንት ፈረስ አልነበረችም።

ቤልሞንት ግን ሽልማት ሰጪ ሆኖ መቀመጥ አልበቃውም። ሎንግ አይላንድ ላይ ባቢሎን በምትባል ቦታ 1,100 ኤከር ገደማ መሬት ነበረው። እዚያ የፈረስ ማርቢያ አቋቋመ። ስሙን ኔርሰሪ አለው። የሕፃናት ማሳደጊያ ወይም ችግኝ ማፍያ እንደማለት ነው። ስሙ ከሥራው ጋር ልክክ ይላል። ፈረሶቹ ወይን ጠጅና ደማቅ ቀይ ልብስ በለበሱ ጋላቢዎች ይሮጣሉ።

ይህን ሥራ ለማያውቅ ሰው ቆም ብዬ ላስረዳ፤ የጉዳዩ ፍሬ እዚህ ነው።

ቶሮብሬድ እንግሊዝ ውስጥ የወጣ የፈረስ ዘር ነው። የዛሬዎቹ ቶሮብሬዶች ሁሉ በአባት ሐረጋቸው ከምሥራቅ ወደ እንግሊዝ ከመጡ ሦስት ድንጉላዎች ይወርዳሉ። መዝገቡ ዝግ ነው። እናትና አባቱ ያልተመዘገቡ ፈረስ አይገባም። ዘሩን በመርፌ ማስተላለፍ እስከ ዛሬ ክልክል ነው፤ ድንጉላውና ባዝራዋ በአካል መገናኘት አለባቸው። ባዝራዋ 11 ወር ታረግዛለች። በዓመት አንድ ውርንጭላ ብትሰጥ ጥሩ ነው። ውርንጭላው ሁለት ዓመት ሳይሞላው አይሮጥም። እንደ ቤልሞንት ስቴክስ ላለው ውድድር ሦስት ዓመት ይጠብቃል። ዛሬ ድንጉላና ባዝራ ያገናኘ ሰው ውጤቱን የሚያየው ከአራት ዓመት በኋላ ነው ማለት ነው።

ድንጉላው ጥሩ አባት መሆኑን ለማወቅ ደግሞ አንድ ልጅ አይበቃም። የሁለትና የሦስት ዓመት ልጆቹ ሮጠው መታየት አለባቸው። ይህ ሁሉ ሲሆን ገብሱ፣ ሣሩ፣ የጋጣው ሠራተኛ፣ አሰልጣኙ፣ ጋላቢው በየቀኑ ገንዘብ ይበላሉ። አንድ አጥንት ቢሰበር የአራት ዓመት ልፋት ያልቃል። ዎል ስትሪት ላይ በአጭር ጊዜ ሀብት የሠራው ሰው የገባበት ሥራ ይህ ነው።

መጀመሪያ ላይ ዕድል ቶሎ ሳቀለት። በ1869 በራሱ ስም የተሰየመውን ውድድር ራሱ አሸነፈ። ፈረሱ ፊንየን ይባላል። ሁለተኛ የወጣው ግሌነልግም የእሱ ነበር። በዚያ ዘመን አንድ ባለቤት ሁለት ፈረስ ካሰለፈ በየትኛው ማሸነፍ እንደሚፈልግ አስቀድሞ ማሳወቅ ይችላል። ቤልሞንት ፊንየንን እንደመረጠ፣ የግሌነልግ ጋላቢም ፈረሱን ይዞት እንደነበር ይነገራል።

ከዚህ በኋላ የሆነውን ልብ በሉ። ፊንየን ምስሉ በውድድሩ ዋንጫ ላይ ቀረ። ግሌነልግ ደግሞ ወደ ሌላ ሰው እጅ ገባ። ከዚያ በ1880ዎቹ ውስጥ አራት ጊዜ የአሜሪካ ቀዳሚ አባት ፈረስ ተባለ፤ ልጆቹ ከየትኛውም ድንጉላ ልጆች የበለጠ ሽልማት አሸነፉ ማለት ነው። ቤልሞንት ጋጣው ውስጥ ወርቅ ይዞ ነበር። ወርቅ መሆኑ የታወቀው ከሸጠው በኋላ ነው። ሞኝነት ነው ለማለት አይቻልም። በዚህ ሥራ ፈረሱን ስትሸጥ የምትሸጠው ያልተወለዱ ልጆቹን ነው፤ እነሱን ደግሞ ማንም አላያቸውም።

አንድ ሌላ ነገር ሳልጠቅስ ባልፍ ይቆጨኛል። በ1870 ቤልሞንት ስቴክስን ያሸነፈው ኪንግፊሸር ነው። ቤልሞንት ይህን ፈረስ ከውድድሩ በኋላ ገዛው። ሲያሸንፍ የጋለበው ኤድ ብራውን በባርነት የተወለደና በልጅነቱ ተሽጦ የተገዛ ሰው ነው። በዚያ ዘመን ምርጥ ከሚባሉት ጋላቢዎች ብዙዎቹ ጥቁሮች ነበሩ። ፈረስን ከማንም በላይ የሚያውቁት እነሱ ናቸው፤ በጋጣው ያደጉት እነሱ ናቸውና። ቤልሞንት በፖለቲካው መብታቸውን ለድርድር ያቀረበባቸው ሰዎች፣ በሜዳው የክብሩ ምክንያት ሆኑለት።

ዓመታት አለፉ። ኔርሰሪ ጥሩ ፈረስ ያወጣል፤ ቤልሞንት ግን የሚመኘውን ያህል አላገኘም። በ1885 ሁለት ትልልቅ ውሳኔ ወሰነ። ያኔ ዕድሜው ከ70 አልፏል።

የመጀመሪያው ማርቢያውን ከሎንግ አይላንድ ወደ ኬንታኪ፣ ሌክሲንግተን አጠገብ ማዛወር ነው። የሌክሲንግተን መሬት ከሥሩ የኖራ ድንጋይ ነው። ውሃውና ሣሩ ካልሲየም ይይዛሉ። የውርንጭላ አጥንት የሚጠነክረው በዚያ ነው። ሎንግ አይላንድ ለባለቤቱ ቤት ይቀርባል። ኬንታኪ ለፈረሱ ይሻላል። ቤልሞንት ለፈረሱ የሚሻለውን መረጠ።

ሁለተኛው ሴንት ብሌዝን ከእንግሊዝ ማስመጣት ነው። ሴንት ብሌዝ የእንግሊዝን ታላቅ ውድድር፣ የ1883ቱን የኤፕሰም ደርቢ፣ ያሸነፈ ድንጉላ ነው። በሰባዎቹ ውስጥ ያለ ሰው ልጆቹ ለመሮጥ ዓመታት የሚፈጅባቸውን ድንጉላ ከባሕር ማዶ ያስመጣል። ቤልሞንትን በጣም የምወደው እዚህ ጋ ነው። በ23 ዓመቱ መልስ መጠበቅ ያቃተው ልጅ፣ በ71 ዓመቱ ያልተፀነሰ ውርንጭላ ይጠብቃል።

ደግሞም ደረሰለት። በ1889 ሬስላንድ የሚባለው ፈረሱ ሰበርባን የተባለውን ትልቅ ውድድር አሸነፈ። በዚያ ዓመት በአሜሪካ ከፍተኛውን ሽልማት ያገኘ ባለጋጣ ቤልሞንት ሆነ። ከመቶ ሺህ ዶላር በላይ ነበር። በ1890ም ደገመው። የዚያ ዓመት ትልቁ ቀን ለሁለት ዓመት ፈረሶች የሚደረገው ፊውቹሪቲ ነው። ሽልማቱ ከ60,000 ዶላር በላይ ነበር። አንደኛ የወጣው ፖቶማክ የሴንት ብሌዝ ልጅ ነው። የጋለበው ቶኒ ሃሚልተንም ጥቁር አሜሪካዊ ነበር። ሁለተኛ የወጣው ማሸርም የቤልሞንት ነው። ከ21 ዓመት በፊት ፊንየንና ግሌነልግ ያደረጉት እንደገና ሆነ፤ አንደኛና ሁለተኛ ከአንድ ጋጣ። ሴንት ብሌዝም የዓመቱ ቀዳሚ አባት ፈረስ ተባለ።

በዚያው ዓመት ኖቬምበር ላይ ማዲሰን ስኩዌር ጋርደን ውስጥ የፈረስ ትርኢት ነበር። ቤልሞንት ዳኛ ሆኖ ተገኘ። አዳራሹ ውስጥ ብርድ መታው። ብርዱ ወደ ሳንባ ምች ተለወጠ። ኖቬምበር 24 ቀን 1890 ሞተ። 77 ሊሞላው ሁለት ሳምንት ቀርቶት ነበር።

ሰብሉ ገና መድረሱ ነበር። ማሳው ወዲያው ተሸጠ።

በ1891 ጋጣው ለጨረታ ቀረበ። ድንጉላዎቹ፣ ባዝራዎቹ፣ ውርንጭላዎቹ በየሰዉ እጅ ተበተኑ። ሴንት ብሌዝ ሲቀርብ ቻርልስ ሪድ የተባለ የቴነሲ አርቢ 100,000 ዶላር ብሎ ተጫረተ። ሌላ የጨመረ አልነበረም። በዚያ ዘመን ለአንድ ፈረስ የማይታሰብ ገንዘብ ነው። ሀያ ዓመት የፈጀ ዕውቀት በመዶሻ ድምፅ ተበተነ። ቤልሞንት ሀብቱን ለልጆቹ ማውረስ ችሏል። የፈረስ ማርቢያን ሳይበትኑ ማውረስ ግን በጣም ከባድ ነው። ገንዘብ ለወራሾች ይከፋፈላል፤ የዘር ዕቅድ ግን ከተከፋፈለ ያው ጠፋ ማለት ነው።

ልጁ ትንሹ አውገስት ቤልሞንት ከዚህ ብትንትን ተነሳ። በጨረታው የቻለውን ያህል ባዝራ አስቀረ። ኔርሰሪን በዚያው ኬንታኪ እንደገና አቆመ። ኒውዮርክ በ1904 የከፈተችው የምድር ውስጥ ባቡር የእሱ ገንዘብና አመራር ያለበት ነው። ዛሬ በዚያ ባቡር የሚሳፈሩ የእኛ ልጆች ብዙ ናቸው፤ የቤልሞንት ስም ከባቡሩም ጋር እንደሚያያዝ የሚያውቁ ግን ጥቂት ይመስሉኛል። በ1905 ቤልሞንት ፓርክ የተባለው የእሽቅድምድም ሜዳ ተከፈተ። የአባቱን ስም የያዘው ውድድርም ወደዚያ መጣ። ሜዳው እንደ አዲስ ይሠራ ስለነበር የ2024 እና የ2025 ውድድሮች ሳራቶጋ በተባለ ሌላ የኒውዮርክ ሜዳ ላይ ነው የተካሄዱት።

ትንሹ ቤልሞንት እንደ አባቱ ታጋሽ አርቢ ሆነ። ፌር ፕሌይ የተባለውን ድንጉላ አረባ። እንግሊዝ ውስጥ ሦስቱን ታላላቅ ውድድሮች ያሸነፈውን ሮክ ሳንድን ገዝቶ አመጣ። የሮክ ሳንድ ልጅ ማሁባ ትባላለች። እሷን ከፌር ፕሌይ ጋር አገናኘ። ማርች 29 ቀን 1917 ኔርሰሪ ላይ ቀይ ወንድ ውርንጭላ ተወለደ። ከጠቅላላው የቤልሞንት ቤት የሀምሳ ዓመት ልፋት የወጣ ውርንጭላ ነው።

ከቀናት በኋላ አሜሪካ የአንደኛው የዓለም ጦርነት ውስጥ ገባች። ትንሹ ቤልሞንት ከ60 ዓመት በላይ ሆኖት በሻለቃ ማዕረግ ጦሩን ተቀላቀለ። ፈረሶቹን የሚከታተልበት ጊዜ አልነበረውም። የዓመቱን ውርንጭሎች ለመሸጥ ወሰነ። ሚስቱ ኤሊኖር ለቀዩ ውርንጭላ በወታደር ባሏ ምክንያት ስም አወጣችለት፤ ማን ኦ ዎር፣ የጦር ሰው እንደማለት፣ ሆኖ ቀረ። በኦገስት 1918 ሳራቶጋ ጨረታ ላይ ሳሙኤል ሪድል በ5,000 ዶላር ገዛው።

ማን ኦ ዎር 21 ጊዜ ሮጦ 20 አሸነፈ። ብዙ የሙያው ሰዎች ከአሜሪካ ፈረሶች ሁሉ የሚያስቀድሙት እሱን ነው። በጁን 1920 ቤልሞንት ፓርክ ላይ ለቤልሞንት ስቴክስ ቀረበ። ሊጋጠመው የደፈረ አንድ ፈረስ ብቻ ነበር። በ20 የፈረስ ርዝመት ጥሎት ገባ። ሜዳው በቤልሞንት ስም ነው፤ ውድድሩም በቤልሞንት ስም ነው። ጋላቢው የለበሰው ግን ወይን ጠጅና ቀይ አልነበረም። መዝገቡ ላይ ባለቤት በሚለው ሥር የሪድል ጋጣ ተጽፏል። ከሱ ዝቅ ብሎ አርቢ የሚል መስመር አለ። እዚያ የተጻፈው አውገስት ቤልሞንት ነው።